ፊልሙ እስኪያልቅ

ሶስና ተክለወልድ ጥር 14 ቀን 2067 ዓ.ም. ማክሰኞ ከሰዓት በኋላ ደሴ ውስጥ አረፈች። በማግስቱ በምሳ ሰዓት ለእኅቷ ደወለች።

ስልኩ ሲጠራ እኔ አዲስ አበባ፣ ከእኅቷ ከኤልዳና ጎን ቁጭ ብዬ ሽሮ እየበላሁ ነበር። ሶስና እንደ ወትሮዋ ነጠላዋን ባንድ ትከሻዋ ጥላ፣ መነጽሯን ግንባሯ ላይ ሰቅላ ስልኩ ላይ ብቅ አለች። ደሴ ብርዱ እንደ በረታ፣ ጉልበቷን እንደሚያማት፣ የጎመን ዘር ሊሰጣት ቃል የገባው ጎረቤት እንደ ቀረባት አወራች። ኤልዳና እየሳቀች ሰማቻት። እኔ ግን ዐይኔን ከሽሮው ላይ አላነሣሁም። ጠዋት የመርዶ ጠባቂነቱን ወረቀት የፈረምኩት እኔ ነኝ፤ ሴትዮዋ በዚያች ሰዓት የት እንዳለች አውቃለሁ። ቀብሯ ለዘጠኝ ሰዓት ነበር የተባለው።

ድሮም እንዋሽ ነበር። የሰው ሞት በስልክ አይነገርም። የሞተበት ሰው ፈተና ላይ ከሆነ ፈተናው ያልቃል፣ ነፍሰ ጡር ከሆነች ትወልዳለች፣ መንገደኛ ከሆነ ቤቱ ይገባል፤ ከዚያ ሽማግሌዎች በማለዳ ሄደው ያረዱታል። እስከዚያው «ትንሽ አሟት ነው» ይባላል። ይህን የሚለው ጎረቤት ወይም ዘመድ ነበር፣ ዐይኑን መሬት ላይ ተክሎ፣ ምራቁን እየዋጠ። አሁን ውሸቱን ሟቹ ራሱ ይዋሽልናል። የሟቹን መልክና ድምፅ ይዞ እስከ መርዶው ቀን የሚደውለው ማቆያ ሲጀመር የሦስት ቀን ነበር፤ ከዚያ ሁለት ሳምንት ሆነ፤ ዛሬ ዘጠና ቀን ደርሷል። ቤተሰቡ ቀን ይቆርጣል፣ አንድ ሰው መርዶ ጠባቂ ሆኖ ይፈርማል፣ ሦስት ሽማግሌዎች ይያዛሉ። ከቀኑ በፊት ትንፍሽ ያለ ሰው መርዶ አፍራሽ ተብሎ ይመዘገባል። የተመዘገበን ሰው የሚቀበል ዕድር የለም፤ ሲሞት የሚያነሳው አያገኝም። ይህን የምናገረው ራሴን ለመከላከል ነው። ብዙም እንደማይከላከልልኝ አውቃለሁ።

ወረቀቱን እንድፈርም የለመኑኝ የሶስና ባል ጋሽ ዳግም ናቸው። ረቡዕ ማለዳ ደውለው፣ ለቅሶ በዘጋው ድምፅ፣ ፊልሙ መቼ እንደሚያልቅ ጠየቁኝ። ሦስት ወር ገደማ እንደሚቀረው ነገርኳቸው። እንግዲያው ፊልሙ እስኪያልቅ ይቆይላት አሉ። ይህ ፊልም የእኅቷ የዕድሜ ልክ ምኞት እንደሆነ ሶስና ታውቅ ነበር፤ ብትጠየቅም የምትለው ይህንኑ ነው አሉኝ። በመጨረሻም አደራ አሉ። አደራ ከተባልኩ በኋላ እምቢ ማለት አልችልበትም። እኛ ቤት እንደዚያ አላደግንም።

ኤልዳና ተክለወልድን የማያውቅ ሰው ቢኖር እንኳ ፊቷን ያውቀዋል። በአሥራ ዘጠኝ ዓመቷ ከደሴ መጥታ በአንድ ፊልም ላይ ቲኬት ቆራጭ ሆነች። ሦስት ደቂቃ ነበር የታየችው፤ ሰው ግን ከሲኒማ ቤት የሚወጣው ስለ ቲኬት ቆራጯ እያወራ ነበር። ከዚያ ወዲህ ስምንት ዓመት ያለ እረፍት ሠራች። በሃያ ሰባት ዓመቷ፣ በ2036 ዓ.ም.፣ አርባ ምንጭ ላይ ፊልም እየቀረጸች ሳለ እናቷ ደሴ ሞቱ። ቤተሰቡ ቀረጻው እስኪያልቅ ደበቃት። ሃያ ቀን ሙሉ፣ በየማታው ስትደውል፣ ስልኩን የምታነሳው ሶስና ነበረች። «እማዬ ተኝታለች» ትላት ነበር። ያን ጊዜ ማቆያ ስላልነበረ ሶስና ይህን የምትለው በገዛ አፏ ነው።

ኤልዳና ከተረዳች በኋላ ካሜራ ፊት መቆም አስጠላት። ቤቷ ተቀምጣ ለመኖር፣ ማሽን ያለ እሷ እንዲያስተውነው፣ ፊቷን አከራየች። በዚያ ዘመን ያላከራየ ተዋናይ እንደ ኋላ ቀር ይታይ ነበር። ፊቷ በአሥራ አምስት ዓመት ውስጥ መቶ ስድሳ ፊልም ሠራ፤ እሷ ያየችው አራቱን ብቻ ነው። አገር ምድሩ ፊቷን ሲድር፣ ሲፈታ፣ ሲያስርና ሲቀብር እሷ ጓሮዋ ውስጥ ቃሪያ ትኮተኩት ነበር። አንድ ጊዜ ገበያ መሐል አንዲት ሴት በያዘችው የሽንኩርት ፌስታል መታቻት። ፊቷ በአንድ ተከታታይ ድራማ ላይ የሰው ባል ቀምቶ ኖሯል። ኤልዳና ይቅርታ ጠየቀቻት። ምን አድርጌ እንደሆነ ባላውቅም ሴትዮዋ በእውነት ተበድላ ነበር ትለኛለች፣ ይህን ባወራች ቁጥር።

በአርባ አራት ዓመቷ ፊቷን የተከራየው ድርጅት ዘንድ ሄዳ ሥራ ስጡኝ አለች። ፊትሽ እየሠራ አይደል ወይ አሏት። እኔስ አለቻቸው። ሲቸግራቸው አንድ ክፍል ውስጥ አስቀምጠው ፊቶችን እንድታርም አደረጓት። ዳይሬክተር የሆነችው እንዲህ ነው። የዘመናችን ዳይሬክተር ወንበር ላይ ተቀምጦ «ድጋሚ» የሚል ሰው ነው፤ ፊቶቹ አይደክሙም፣ ዘጠኝ መቶ ጊዜ ያለቅሳሉ። እሷ ግን ሁለተኛው ወይም ሦስተኛው ላይ ታስቆማቸዋለች። የሚዋሽ ሰው ከመናገሩ በፊት ይዘጋጃል፣ እውነት የሚናገር ሰው ያመልጠዋል፤ ያመለጠውን ነው የምፈልገው ትላለች። ከመቶ ፊት መሐል የሚዋሸውን በጣቷ ትጠቁማለች። በዚህ ችሎታዋ ድርጅቱ አሥራ አራት ዓመት ተጠቀመባት።

እኔ ረድኤት እባላለሁ፤ እሷ ረዲ ትለኛለች። ሥራዬ ትዕይንት መመዝገብ ነው። ተዋናዩ ብርጭቆውን በየትኛው እጁ እንደያዘ፣ ሻማው እስከ የት እንደነደደ፣ ማን በየትኛው ቀንና ሰዓት ምን እንዳለ ደብተር ላይ እጽፋለሁ። ከፊቶች ጋር ይህ ሥራ ቀርቶ፣ እኔም እሷ ፊት ስታርም እየረዳኋት ነበር የቆየሁት። ኤልዳና አምስት ጊዜ አመልክታ በሕይወት ያሉ ሰዎች የሚሠሩበት አንድ ፊልም ሲፈቀድላት ነው ደብተሬን ከሣጥን ያወጣሁት።

የፊልሙ ስም «ሃያ ቀን» ነው። ስለ እናቷ ሞት፣ ስለ እኅቷና ስለዚያች ስልክ ነው። ሁሉም ነገር ተጽፏል፤ የቀረው መጨረሻው ነው። እናቷ በሞቱበት ሰዓት አጠገባቸው የነበረችው ሶስና ብቻ ናት። ኤልዳና ሠላሳ አንድ ዓመት ሙሉ አንድ ነገር ስትጠይቃት ኖራለች፦ እማዬ መጨረሻ ላይ ምን አለች፣ እኔን ጠራችኝ ወይ። ሶስና ሠላሳ አንድ ዓመት «ተይው» ብላታለች። ሁለቱ በየቀኑ ይደዋወላሉ፣ ይሳሳቃሉ፣ ስለ ጎመንና ስለ ጉልበት ያወራሉ፤ እዚያ ጋ ሲደርሱ ግን ያችው «ተይው» ትመጣለች። ኤልዳና ፊልሙን የጀመረችው ምናልባት በዚህ ሰበብ ትነግረኝ ይሆናል ብላ ነው። ይህን ራሷ ነግራኛለች።

ሶስና ከሞተች በኋላ ሳታቋርጥ በየቀኑ ደወለች። እኔም በየቀኑ አጠገባቸው ተቀምጬ በላሁ። ሰው ሁሉን ይለምዳል፤ በሁለተኛው ሳምንት ሰላምታዋን መመለስ ጀመርኩ።

የካቲት 5፣ ዐቢይ ጾም በገባ በሁለተኛው ቀን፣ ኤልዳና ጥያቄውን እንደ ልማዷ ጣል አደረገችው። እኔ «ተይው»ን ጠበቅሁ። ሶስና መነጽሯን ከግንባሯ አውርዳ እጇ ላይ ያዘችው።

«‹ለኤልዳና እንዳትነግሯት፤ ጀምራዋለች፣ ትጨርሰው› ነው ያለችው» አለች። «ስምሽን እየጠራች ነው ያረፈችው። የዋሸሁሽ እኔ አይደለሁም፣ የእማዬን አደራ ነው የጠበቅሁት።»

ኤልዳና ለምን እስከ ዛሬ እንደደበቀቻት ጠየቀቻት። ታለቅሻለሽ ብዬ ነው አለች ሶስና። ኤልዳና እውነትም አለቀሰች፤ ግንባሯን ጠረጴዛው ላይ ደፍታ፣ ትከሻዋ እየተንቀጠቀጠ፣ እንደ ልጅ። ቀና ስትል ፊቷ ቀሎት ነበር። አሥራ አንድ ዓመት አብሬያት ስሠራ እንደዚያ ሆና አይቻት አላውቅም። እጄ ልማዱ ነውና ቀኑን፣ ሰዓቱንና የተባለውን ደብተሬ ላይ ጽፏል። እናቷ ምን እንዳሉ የምታውቀው አንዲት ሴት ግን ከተቀበረች ሃያ ቀን ሆኗት ነበር።

ወደ ማቆያ ቤቱ ደወልኩ። አንዲት ትሑት ልጅ አነሳችው። የእናንተዋ ሶስና የማታውቀውን ነገር ፈጥራ ተናገረች አልኳት። ልጅቷ የእኅትየው ስሜት ከጥሪው በኋላ እንዴት እንደሆነ ጠየቀችኝ። በጣም ቀሏታል አልኳት። እንግዲያው ቅሬታዬ ምን እንደሆነ በትሕትና ጠየቀችኝ። አመስግኛት ዘጋሁት።

ትዕይንቱ በሚቀጥለው ሳምንት ተቀረጸ። እናትየውን የሠራችው ሴት «ጀምራዋለች፣ ትጨርሰው» ስትል መብራት የያዘው ሰውዬ እንኳ እያለቀሰ መብራቱ ተወዛወዘ። ኤልዳና አንድ ጊዜ ብቻ ቀርጻ በቃ አለች። እኔ ብርጭቆው በየትኛው እጅ እንደነበረ መጻፍ ረሳሁ።

የካቲት 23 ደሴ ላይ የሶስና አርባ ወጣ። ያን ቀን ሶስና ደውላ ጎመኑ እንደበቀለ ለእኅቷ ነገረቻት።

ከዚያ ሦስት ቀን በኋላ ነው ነገሩ የተበላሸው። ኤልዳና እያላመጠች፣ ልቧ ሌላ ቦታ ሆኖ፣ ጋሽ ዳግም ደህና ናቸው ወይ አለች። ሶስና ትንፋሿን ወደ ውስጥ ሳብ አድርጋ፣ ሁላችንም እንደምናደርገው፣ በትንፋሽ «አዎ» አለች። ኤልዳና ማላመጧን አቆመች። ስልኩ ሲዘጋ ወደ እኔ ዞረች።

«እታለም ጥያቄው እስኪያልቅ ታግሳ አታውቅም» አለች። «ገና ስጀምር ነው ትንፋሿን የምትስበው። ረዲ፣ እኅቴ ሞታለች?»

«ኧረ እትዬ፣ ደህና ናት።»

«እያየሽኝ በይው።»

እያየኋት ደገምኩት። ፊቴ ላይ ያየችውን አየች። ተነሥታ ጫማዋን አሰረችና እሑድ ደሴ እንሄዳለን አለችኝ። እኔም ምሳዬን ጨርሼ ለጋሽ ዳግም ደውዬ እንደምንመጣ ነገርኳቸው። ይህንን ካደረግኋቸው ነገሮች ሁሉ አብዝቼ አፍርበታለሁ።

መጋቢት 1 በባቡር ደሴ ገባን። ድንኳኑ ተነሥቷል፣ ግቢው ተጠርጓል። ጎረቤቱ ሁሉ ባለ ቀለም ልብስ ለብሶ ተሰብስቦ ጠበቀን፤ አንዲት ሴት ግን ከቢጫው ሹራቧ ሥር የጥቁር ቀሚሷ አንገትጌ ይታይ ነበር። ሶስና ሱባኤ ገብታለች አሉን። ገዳም ናት፣ ጠያቂ አይገባም፣ እስከ ፋሲካ ትቆያለች። ቡና ቢጤ ሳይቀርብ ገና ስልኩ ጠራ። ሶስና ናት፤ ከኋላዋ የድንጋይ ግድግዳ ይታያል። ሥራሽን ትተሽ ምን ልትሠሪ መጣሽ ብላ ተቆጣቻት። ጎረቤቶቹ ስልኩን ከበው፣ በጸሎትሽ አስቢን፣ በርቺ እያሉ ሰላም አሏት። አንዲት ባልቴት ብቻ አፋቸውን በነጠላቸው ይዘው ወደ ጓዳ ገቡ።

ኤልዳና የእያንዳንዱን ሰው ፊት በተራ አየች። አርባ ሰው ይሆናል። አርባውም ይወዳታል፣ አርባውም ይዋሻል። ከዚያ ከወንበሯ ወርዳ የጋሽ ዳግምን ጉልበት ያዘች።

«ጋሽ ዳግም፣ በሞቴ፣ ይንገሩኝ። መሬት ልቀመጥላት። እንደ ሰው ላልቅስላት።»

«ምን ሆነሻል ልጄ?» አሉ። «በጾም ምን ክፉ ታወሪያለሽ?» ሊያነሷት ሲሞክሩ አቃታቸው። ሁለት ጎረምሶች ረድተዋቸው አስነሷት። አንድ ሰው ምሳ ይቅረብ አለ።

ማልቀስ ትችል ነበር፤ ዕንባዋን የከለከላት ሕግ የለም። ግን ያልተረዳ ሰው እንዴት ያለቅሳል? ማን አብሮት ይቀመጣል? ሕያው ሰው ላይ ማልቀስ ሟርት ነው ይሏታል። ኀዘን በጎረቤት ነው የሚወጣው፣ ጎረቤቱ ደግሞ ቢጫ ሹራብ ለብሷል።

ስንመለስ ባቡሩ ውስጥ በመስኮት እያየች እንዲህ አለችኝ፦ «መሞቷን አውቄዋለሁ። እሱን መንገር አይጠበቅብሽም። የማላውቀው ቀኑን ነው። ስለ እማዬ የነገረችኝ ቀን ነበረች ወይስ አልነበረችም? ይህን ብቻ ነው የምፈልገው።» እኔ እትዬ ሶስና ሱባኤ ናት አልኳት። እስከ አዲስ አበባ ድረስ አላየችኝም።

ከዚያ ወዲያ ማንንም አልጠየቀችም። ማቆያ ቤቱ ድረስ ግን አንድ ቀን ብቻዋን ሄዳለች። መርዶ ካለ ይደርስዎታል፣ ከሌለም እንኳን ደስ አለዎት ብለው እንደመለሷት ሰማሁ።

በየምሳው ስልኩን ማንሣቷን አላቆመችም። መጀመሪያ ልትይዛት ሞከረች። የእናትየውን ነገር ደግማ ጠየቀቻት፤ ሶስና ያንኑ ቃል ደገመችው፣ በዚህኛው ጊዜ ዕንባዋ አቀረረ። ኤልዳና ሁለተኛ አልጠየቀችም። በሌላ ቀን ደግሞ ያንኑ ፊት የማረም ሥራዋን ስትጀምር ሰማኋት። «እታለም፣ ቶሎ በይ፣ አንቺ እኮ አትታገሺም» አለቻት። ሶስና ሳቀች። በማግስቱ ቶሎ አለች። «ስትቆጪ እኔን አታዪም፣ መስኮቱን ነው የምታዪው» አለቻት። በማግስቱ ወደ መስኮቱ አየች። በመጋቢት መጨረሻ ሶስና ጥያቄ አታስጨርስም፣ ታቋርጣለች፣ ሳትሰናበት ትዘጋለች፤ እኔ ራሴ የምረሳበት ቀን ነበር። ካወቅሽ ለምን ታነሺዋለሽ ብዬ አፌ አምልጦኝ ልጠይቃት ስል ቃሉን መልሼ ዋጥኩት። ሳልጠይቃት መለሰችልኝ።

«ካላነሣሁት ማን አላት?» አለች።

ፊልሙ ላይም ያው ነበር። የእናትየውን ትዕይንት ታወጣዋለች፣ መልሳ ታስገባዋለች። እኔ የቆጠርኩት አሥራ አንድ ጊዜ ነው። እውነት ከሆነ ማውጣት እናትን መካድ ነው፤ ውሸት ከሆነ ማስገባት እናትን ከመቃብር አስነሥቶ ያላሉትን ማስባል ነው። የሚለየው አንድ ቀን ነው፣ ቀኑም እኔ ቦርሳ ውስጥ ነበር። መርዶውን ላስቀድም ብዬ ጋሽ ዳግምን ለመንኳቸው። ይህን ያህል ከቆየች ትጨርሰው አሉ። ሽማግሌዎቹም በፋሲካ ሰሞን ሰባት መርዶ ተይዞባቸው ነበር። በመጨረሻ ድርጅቱ ቀን ቆረጠ፤ ያን ዕለት ትዕይንቱ በአጋጣሚ ገብቶ ነበርና ገብቶ ቀረ።

ሚያዝያ 10 «ሃያ ቀን» ታየ። ሰዉ የሕያው ሰው ላብና የቆዳ ቀዳዳ በትልቁ ማየት አስቸግሮት መጀመሪያ ይቁነጠነጥ ነበር። መጨረሻው ላይ ግን አዳራሹ በሙሉ አለቀሰ። ሰዎች ተሰልፈው ኤልዳናን አቀፏት፣ እናትሽ ምን ዓይነት ሴት ነበሩ አሏት። አመሰግናለሁ እያለች ቆመች። ፊቷ ደህና ነበር፤ ተዋናይት አይደለች እንዴ።

መርዶው እሑድ ሚያዝያ 13 ጠዋት አሥራ ሁለት ሰዓት ነበር የተያዘው። ሦስቱ ሽማግሌዎች መጡ፤ አፈ ጉባኤያቸው የሠፈሩ ዕድር ሰብሳቢ ሐጂ ኢምራን ናቸው። ጋሽ ዳግም ከደሴ ገብተዋል። እኔ ወረቀቱን ይዣለሁ። ጎረቤቱ ደጅ ላይ ጥቁር ለብሶ፣ እየተጠባበቀ፣ ድምፁን አጥፍቶ ቆሟል።

በሩ ክፍት ነበር። ሳሎኑ ውስጥ ወንበሮቹ ወጥተው ፍራሽ መሬት ላይ ተነጥፏል። ኤልዳና ጥቁር ለብሳ መሐል ላይ ቆማለች፤ ተኝታ ያደረች አትመስልም።

«ይግቡ ሐጂ» አለች። «ቆያችሁ እኮ።»

ሐጂ ኢምራን በዕድሜያቸው ብዙ ሰው አርድተዋል፤ እንዲህ ያለ ገጥሟቸው እንደማያውቅ ያስታውቃሉ። ጉሮሯቸውን ጠረጉ።

«ልጄ፣ ሁላችንም መንገደኞች ነን። ሶስና አርፋለች። አላህ ለአንቺ ዕድሜ ይስጥሽ።»

አልጮኸችም። ደረቷንም አልመታችም።

«መቼ?» አለች።

ሐጂ ወደ እኔ አዩ። ቀኑን መናገር የመርዶ ጠባቂው ነው። ኤልዳናም ዞረች።

«ረዲ፣ ቀኑን ንገሪኝ።»

ወረቀቱን ዘረጋሁት። ጥር 14 ይላል፣ በትልቁ። ሌላው፣ ስለ እናቷ የተነገራት ቀን፣ ደብተሬ ላይ ነው፤ ማየት አያስፈልገኝም። በዕድሜዬ ሙሉ የሠራሁት ሥራ አንድ ነገር ብቻ ነው፤ የሆነውን እንደሆነ መጻፍ።

«የካቲት ዘጠኝ» አልኳት።

ሐጂ ኢምራን ወረቀቱን ቀደም ብለው አንብበውታል። ዐይናቸውን ወደ መቁጠሪያቸው መለሱ። ጋሽ ዳግም ቀና አሉ። ሚስታቸውን በገዛ እጃቸው አፈር ያለበሱ ሰው ናቸው። እንደሚጮኹብኝ ጠበቅሁ።

«አዎ» አሉ፤ «የካቲት ዘጠኝ። ቅዳሜ ነበር። ስለ እናታችሁ ከነገረችሽ በኋላ አራት ቀን ነው የቆየች። ቀሎኛል ስትል ነበር።»

ኤልዳና ሦስታችንንም በተራ አየችን። ረጅም ጊዜ ወሰደባት። ከዚያ ፍራሹ ላይ ተቀመጠች፣ «እታለሜን» ብላ አለቀሰች። ደጅ የነበረው ሰው ገባ፣ ቤቱ በለቅሶ ተናወጠ። እኔም አለቀስኩ። ያለቀስኩት ለማን እንደሆነ እስከ ዛሬ ለይቼ አላወቅሁትም። በዚያ ቀን ምሳ ሰዓት ላይ ስልኩ አልጠራም።

የተዋሸውን ቀን እውነት ማድረግ ሥራ ይጠይቃል። የደሴ ዕድር መዝገብ ተስተካከለ። የሞት ምስክር ወረቀቱ ተቀየረ። መቃብሩ ላይ ያለውን ጽሑፍ አንድ ድንጋይ ጠራቢ በሲሚንቶ ሞልቶ አዲሱን ቀረጸበት። አርባ የሚሆኑት ጎረቤቶች አንድ ባንድ ተነገራቸው፤ አንዳቸውም ለምን ብለው አልጠየቁም። ፊልሙ አሁንም ይታያል፤ ኤልዳና ደግሞ ወደ ክፍሏ ተመልሳ ፊቶች ታርማለች።

ዘንድሮ ሙት ዓመቷን የካቲት 9 ቀን አወጣን። ካህናቱ ፍትሐት አደረሱ፣ ድግሱ ደህና ነበር። ሰዉ ሲበተን ጋሽ ዳግም ወደ ጥግ ጠሩኝ። ጥር 14 ቀን፣ በማለዳ፣ ለማንም ሳይናገሩ፣ ብቻቸውን ወደ መቃብሩ ሄደው እንደነበር ነገሩኝ። ያቺን ቀን መቃብሯን ሳይጎበኙ ማሳለፍ አልሆንልህ ብሏቸው ነው።

ኤልዳናን እዚያ አገኟት። ሣር ላይ ተቀምጣለች፤ ልብሷ በጤዛ ርሷል፣ ከመጣች ቆይታለች። ሰላም ተባባሉ። እሳቸው አረሙን ላርም ብዬ ነው የመጣሁት አሏት። እሷም ለእሱ ነው የመጣሁት አለቻቸው። ጎን ለጎን ሆነው፣ ቀኑን አንዳቸውም ሳያነሱ፣ ፀሐይ እስክትሞቅ ድረስ አረሙን አረሙ። የካቲት 9 ቀን ሁለቱም ከእኛ ጋር ቆመው አለቀሱ።